የአቤል ደምና የታሪክ ጸሐፊው ብዕር
(በዚህ ጽሑፍ ውስጥ «ዓ.ም.» ካልተባለ በቀር ዓመታቱ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)



በኦሪት ዘፍጥረት ምዕራፍ 4 እንደ ተጻፈው፥ ቃየል ወንድሙን አቤልን በሜዳ ገድሎ ሲመለስ እግዚአብሔር ከፍርድ አስቀድሞ ጥያቄ አቀረበለት። ጥያቄውም ወንድሙ የት እንዳለ ነበር። ቃየል እንደማያውቅ መለሰ፤ የወንድሙ ጠባቂ እንዳልሆነም ጨምሮ ተናገረ። ነገር ግን ምድር የጠጣችው ደም ዝም አላለም፤ ወደ ፈጣሪው ጮኸ። በዓለም የመጀመሪያውን ግድያ የተከተሉት እንግዲህ ሁለት ድምፆች ናቸው። አንዱ የገዳዩ ክህደት ነው፤ ሌላው ስለ ሟቹ የሚጠይቀው የእግዚአብሔር ድምፅ ነው። ከዚያን ቀን ጀምሮ ሰው በሰው ላይ በተነሣ ቁጥር እነዚህ ሁለቱ ይሰማሉ። ታሪክ የሚጽፍም ሆነ ታሪክ የሚያወራ ሰው ሁሉ፥ አወቀም አላወቀ፥ ከሁለቱ ለአንዱ ያገለግላል።

ይህን ቃል ዛሬ የምናስተነትነው በምዕራብ ጎንደር ቆላ፥ ከመተማ እስከ አብደራፊ ባለው የሱዳን ድንበር ምድር ላይ ቆመን ነው። ይህ ምድር ሰሊጥና ማሽላ የሚያበቅል፥ ከደጋ የሚወርደውን ሠራተኛ የሚቀበል፥ ነጋዴ ከሁለቱ አገሮች የሚገናኝበት ምድር ነው። ደም የጠጣም ምድር ነው። ስለዚህም የአቤልን ነገር ለማሰብ ሩቅ መሄድ አያስፈልገንም።

፩. በመተማ የሆነው

በ1884 በዐድዋ በተፈረመው ውል ዐፄ ዮሐንስ 4ኛ፥ በሱዳን በማህዲስቶች ተከብበው የነበሩት የግብፅ ወታደሮች በኢትዮጵያ በኩል እንዲወጡ ለመርዳት ተስማሙ። ውሉ ከእንግሊዝና ከግብፅ ጋር የተደረገ ነበርና፥ ኢትዮጵያን ከማህዲስቶች ጋር አቃቃራት። በጥር 1887 የጎጃሙ ንጉሥ ተክለ ሃይማኖት ጦር ወርዶ መተማን መታ፤ ከተማይቱም ተቃጠለች። በዓመቱ፥ በጥር 1888፥ ሐምዳን አቡ አንጃ የሚመሩት የማህዲስቶች ጦር የንጉሥ ተክለ ሃይማኖትን ሠራዊት በሳር ውኃ ድል አደረገ፤ ወደ ጎንደርም ዘልቆ አብያተ ክርስቲያናትን አቃጠለ፥ ሕዝቡንም ማረከ። ብዙዎቻችን ስለ ጎንደር ቃጠሎ ከልጅነታችን ጀምሮ ሰምተናል። ከእርሱ በፊት መተማ እንደ ተቃጠለች የሰማን ግን ስንት ነን?

በዚያው ዓመት መገባደጃ ዐፄ ዮሐንስ ለአቡ አንጃ ደብዳቤ ላኩ። የደብዳቤው አሳብ እስከ ዛሬ ይታወቃል። እናንተ ወደ እኛ፥ እኛም ወደ እናንተ እየተሻገርን ምንም ያልበደለውን ድሃ ብንጨርስ ለማናችንም አይጠቅምም፤ የጋራ ጠላታችን ከባሕር ማዶ የሚመጣው አውሮፓዊ ነው፤ እኔን ድል ቢያደርግ ለእናንተ አይራራም፥ እናንተን ድል ቢያደርግም ለእኔ አይራራም፤ ስለዚህ እንታረቅ የሚል ነበር። የተሰጣቸው መልስ ግን ስድብ ሆነ። አቡ አንጃ ብዙም ሳይቆዩ በጥር 1889 በሕመም ሞቱ፤ በቦታቸውም ዘኪ ጡማል ተተኩ። ዐፄ ዮሐንስም ሠራዊታቸውን ይዘው ወደ ቆላ ወረዱ።

መጋቢት 1 ቀን 1881 ዓ.ም. (1889) በመተማ ውጊያ ሆነ። የኢትዮጵያ ጦር ወደ ድል በተቃረበበት ሰዓት ንጉሠ ነገሥቱ በጥይት ቆሰሉ፤ በማግሥቱም ዐረፉ። ሠራዊቱ ተበተነ፤ አስከሬናቸው በመንገድ ተማረከ፤ ራሳቸውም ወደ ኦምዱርማን ተወሰደ።

ከዚህ በኋላ የመጣውን አስተውሉ። ኢጣልያኖች በዚያው ዓመት በነሐሴ ወር አስመራን ያዙ፤ በጥር 1890 መጀመሪያም ኤርትራ ቅኝ ግዛታቸው መሆኗን አወጁ። ሱዳንም በ1898 በኦምዱርማን ውጊያ በእንግሊዝና በግብፅ ጦር ተሸነፈች፤ በዚያች አንዲት ቀን ከ10,000 በላይ የሚሆኑ ማህዲስቶች ረገፉ። በደብዳቤው የተነገረው ማስጠንቀቂያ ዐሥር ዓመት ሳይሞላ በሁለቱም ላይ ደረሰ። ድሃውም ከዚህ ሁሉ በፊት አልቆ ነበር። ከ1888 ጀምሮ በኢትዮጵያ «ክፉ ቀን» የተባለው ረሃብ ገባ፤ የከብት በሽታ በሬውን ጨረሰ፥ ሰው የሚያርስበት አጣ። በሱዳንም በኩል በእነዚያው ዓመታት ታላቅ ረሃብ ሆነ፤ በሠራዊት የተዘረፈውና የተፈናቀለው ገበሬ ያልዘራውን ማጨድ አልቻለምና። ስለዚህ በድንበሩ በወዲህም በወዲያም እናት ልጇን የቀበረችው በአንድ ዘመን ነበር።

፪. የመተማ ወላጅ አልባ ልጅ

የተወደዳችሁ ሆይ፤ በመተማ ከዐፄ ዮሐንስ ጋር ከወደቁት መካከል የአንድ ሕፃን አባት ነበሩ። ሕፃኑ በ1886 በዐድዋ አጠገብ የተወለደው ገብረ ሕይወት ባይከዳኝ ነው፤ ኋላ ነጋድራስ ገብረ ሕይወት የተባሉት። በልጅነታቸው በምጽዋ አካባቢ በነበረው የስዊድን ሚሲዮን ተማሩ፤ ከዚያም ባሕር ተሻግረው በአውሮፓ ዕውቀት ገበዩ። ወደ አገራቸው ተመልሰው በመንግሥት ሥራ አገለገሉ፤ በ1919 በዚያ ዘመን ዓለምን ባጠቃው ወረርሽኝ ሲያርፉ ገና የ33 ዓመት ሰው ነበሩ። በዚያች አጭር ዕድሜ የጻፏቸው ሁለት ሥራዎች፥ «ዐፄ ምኒልክና ኢትዮጵያ» እና ከሞታቸው በኋላ በ1924 የታተመው «መንግሥትና የሕዝብ አስተዳደር»፥ እስካሁን ይነበባሉ።

አባቱ በጦርነት የሞተበት ልጅ ሁለት መንገዶች ይቀርቡለታል። አንዱ ቂሙን ወርሶ፥ የአባቱን ገዳዮች ልጆች እየጠላ ማደግ ነው። ሁለተኛው አባቴን የገደለው ነገር ምንድን ነው ብሎ መመርመር ነው። ነጋድራስ ገብረ ሕይወት ሁለተኛውን መረጡ። ለአገራቸው ድህነት ምክንያት ፈልገው ሲጽፉ ከዋናዎቹ አንዱ ሆኖ ያገኙት የማያቋርጠውን ጦርነት ነው። ወታደሩ ከገበሬው ጎተራ እየበላ ኖረ፤ ገበሬውም ነገ ለሚዘረፍ ሀብት ዛሬ መድከም ሰለቸው፤ ስለዚህ አገሪቱ ጥሪት ማፍራት አቃታት። ነጋድራስ ጦር ፈጽሞ አይኑር ያሉ ሰው አልነበሩም፤ መንግሥት ሥርዓት ያለው ሠራዊት እንዲኖረው መክረዋል። ነገር ግን ጦርነትን በክብሩና በዝናው ብቻ ሲለካ ለኖረ አገር፥ በገበሬው ጎተራና በድሃው ደጃፍ ለክተው አሳዩት።

«ዐፄ ምኒልክና ኢትዮጵያ» በተሰኘው ጽሑፋቸው መግቢያ ደግሞ ታሪክ መጻፍ ቀላል እንዳልሆነ ያስረዳሉ። እንደ እርሳቸው አሳብ ጸሐፊው ሦስት የእግዚአብሔር ስጦታዎች ያስፈልጉታል። ያለፈውን ነገር የሚያስተውል ልቡና፥ በተደረገው ነገር ላይ ሳያዳላ የሚፈርድ አእምሮ፥ ያየውንና የፈረደውን ለሌላው የሚያስረዳበት የጠራ ቋንቋ። የአገራችን ጸሐፊዎች በእነዚህ እንደሚሳሳቱ፥ ታላቁን ነገር ትተው ጥቃቅኑን እንደሚያበዙ፥ ለወደዱትም እንደሚያዳሉ በግልጽ ወቀሱ። እርሳቸውም በገዥዎች ዘንድ ውዳሴ ብቻ በሚወደድበት ዘመን ምስጋናውንም ነቀፌታውንም በአንድ መጽሐፍ አኖሩ።

ይህ ለምእመን አዲስ ትምህርት አይደለም። ቅዱስ መጽሐፍ ራሱ የማያዳላ ታሪክ ነው። በ2ኛ ሳሙኤል ምዕራፍ 11 እና 12 ንጉሥ ዳዊት ኦርዮን እንዳስገደለና ሚስቱን እንደ ወሰደ ተጽፏል፤ ነቢዩ ናታንም በንጉሡ ፊት ቆሞ፥ አንዲት በግ ብቻ ስለ ነበረችው ድሃ በምሳሌ ነግሮ፥ ኃጢአቱን ገለጠለት። ናታን ሰይፍ አልያዘም፤ ዐመፅም አላነሣም፤ ዝምም አላለም። ዳዊትም በደሉን አመነ። የእስራኤል ጸሐፊዎች ዳዊትን ቢወዱትም ይህን ከመጽሐፉ አልፋቁትም። ክርስቲያን ሥልጣን ያለውን ሰው የሚቃወምበት መንገድ ከዚህ ይገኛል፤ እውነትን በግንባር መናገር፥ የድሃውን ነገር ማስቀደም፥ የሰውየውንም መመለስ መሻት።

፫. ምስክርነት ለጦርነት ሲውል

ከመተማው ማዶ ደግሞ አንድ የካቶሊክ ካህን ነበሩ። አባ ዮሴፍ ኦርቫልደር በሱዳን የወንጌል አገልጋይ ሳሉ በ1882 በማህዲስቶች እጅ ወደቁ፤ ወደ ዐሥር ዓመት የሚጠጋ ጊዜ በምርኮ ቆይተው በ1891 ከኦምዱርማን አመለጡ። ያዩትንና የሰሙትን፥ ከኢትዮጵያ ጋር የተደረገውንም ጦርነት ጭምር፥ ጻፉ። መጽሐፉ በ1892 በእንግሊዝኛ የወጣው ግን የግብፅን ጦር የስለላ ክፍል ይመሩ በነበሩት በእንግሊዛዊው መኮንን ዊንጌት እጅ ተሰናድቶ ነው። የታሪክ ሊቃውንት እንዳሳዩት መጽሐፉ እንግሊዝ ሱዳንን ለመውረር ሕዝቧን ለማነሣሣት አገልግሏል። የካህኑ መከራ እውነተኛ መከራ ነበር። ሆኖም የአንድ ምርኮኛ እንባ ከስድስት ዓመት በኋላ በኦምዱርማን ለረገፉት ሺህዎች ሞት ማዘጋጃ ከሆኑት ነገሮች አንዱ ሆነ።

ወገኖቼ፤ ይህ ታላቅ ማስጠንቀቂያ ነው። የተበደለ ሰው በደሉን መናገር መብቱ ነው፤ ዝም በል ማለት ሁለተኛ በደል ነው። ነገር ግን የበደል ትዝታ በሌላ ሰው እጅ ሲገባ እሳት መለኮሻ ሊሆን ይችላል። የኛን ሙታን ብቻ የሚቆጥር ታሪክ፥ የቆጠራቸው ሁሉ እውነት ቢሆኑ እንኳ፥ ግማሽ እውነት ነው፤ ግማሽ እውነትም ለበቀል ይመቻል።

፬. የራስን በደል መጻፍ

ከሁሉ የሚከብደው የራስን ወገን በደል መናገር ነው። በ1878 በቦሩ ሜዳ ጉባኤ ዐፄ ዮሐንስ በሃይማኖት አንድነት አገር አንድ ይሆናል ብለው አዘዙ፤ በክርስቲያኖች መካከል የነበረው የትምህርት ልዩነት እንዲቆም ተደረገ፥ የወሎ ሙስሊሞችም ክርስቲያን እንዲሆኑ ተገደዱ። ብዙዎች በልባቸው ሙስሊም እንደ ሆኑ በውጭ ተጠመቁ፤ ሌሎችም ተሰደዱ ወይም ተነሡ። እንዲህ ያለው ጥምቀት ለክርስቶስ ክብር አይሆንም። እኚሁ ንጉሥ ስለ ድሆች ደም ያን የሰላም ደብዳቤ የጻፉ፥ ለአገራቸውም ነፍሳቸውን የሰጡ ናቸው። እውነተኛ ታሪክ ሁለቱንም ይጽፋል። ክብራቸውን ለመጠበቅ በደላቸውን አይሰርዝም፤ በደላቸውን ለመግለጥም ክብራቸውን አይነሣቸውም።

ቤተ ክርስቲያናችንም ይህን መንገድ ተምራለች፤ ለመማርም ብዙ ዘመን ወስዶባታል። ርእሰ ሊቃነ ጳጳሳት ዮሐንስ 23ኛ በ1963 «ሰላም በምድር» በተባለው መልእክታቸው የሰው ልጅ ሁሉ ሰው በመሆኑ ብቻ መብትና ግዴታ እንዳለው፥ ሰላምም በእውነት፥ በፍትሕ፥ በፍቅርና በነጻነት ላይ እንደሚቆም አስተማሩ። ሁለተኛው የቫቲካን ጉባኤ በ1965 ስለ ሃይማኖት ነጻነት ባወጣው ውሳኔ ማንም ሰው በሃይማኖት ነገር ከኅሊናው ውጭ ሊገደድ እንደማይገባ ደነገገ። በ2000 ዓመተ ኢዮቤልዩ በዐቢይ ጾም የመጀመሪያ እሑድ ደግሞ ርእሰ ሊቃነ ጳጳሳት ዮሐንስ ጳውሎስ ዳግማዊ የቤተ ክርስቲያን ልጆች ባለፉት ዘመናት ስለ ፈጸሙት በደል፥ ለእውነት አገልግሎት ተብሎ የተደረገውን ግድያና ማስገደድ ጨምሮ፥ በሕዝብ ፊት ከእግዚአብሔር ይቅርታ ለመኑ። ታሪክን አጥርቶ ማየት በዚያን ቀን በመሠዊያ ፊት ጸሎት ሆነ።

፭. በአብደራፊ ደጃፍ

ይህ ሁሉ የጥንት ወሬ እንዳይመስላችሁ። ጥቅምት 30 እና ኅዳር 1 ቀን 2013 ዓ.ም. (2020)፥ የሰሜኑ ጦርነት በተጀመረ በቀናት ውስጥ፥ ከአብደራፊ ብዙ በማይርቀው በማይካድራ ታላቅ እልቂት ሆነ። ከሞቱት ብዙዎቹ ሳሉግ የምንላቸው፥ የዕለት እንጀራቸውን ፍለጋ ለአጨዳ የወረዱ ወጣቶች ነበሩ። የኢትዮጵያ ሰብአዊ መብቶች ኮሚሽንና የተባበሩት መንግሥታት የሰብአዊ መብቶች ጽሕፈት ቤት በጥምር መርምረው በ2021 ባወጡት ዘገባ፥ «ሳምሪ» የተባለ የወጣቶች ቡድን ከ200 በላይ የሚሆኑ የአማራ ተወላጆችን እንደ ገደለ ተጽፏል። በዚያው ዘገባ ከዚህ በኋላ በበቀል የትግራይ ተወላጆች መገደላቸውም ተጽፏል።

በሁለቱ ቁጥሮች መካከል ያለውን ልዩነት ዘገባው አልደበቀም፤ ልዩነት አለና ብሎም ትንሹን ቁጥር አልተወውም። አንባቢ በዚህ ሊቆጣ ይችላል። የአንዱ ወገን ሰው ለምን የነርሱ ተጻፈ ይላል፤ የሌላውም ለምን የኛ በመጨረሻ መጣ ይላል። ነገር ግን በበቀል የሞተው ሰው እናት ልጇ ከብዙ ሙታን በኋላ ስለ ሞተ እንባዋ አያንስም። እግዚአብሔርም ስለ አቤል ሲጠይቅ ስንት ናችሁ ብሎ አልጠየቀም፤ ስለ አንድ ሰው ጠየቀ እንጂ። የሰው መብት የምንለው ይኸው ነው፤ አንዱ ሰው በወገኑ ብዛት ወይም ማነስ ሳይለካ፥ በእግዚአብሔር አምሳል ስለ ተፈጠረ ብቻ መጠየቁ።

ደግሞ ሌላ ነገር አስቡ። በሚያዝያ 2015 ዓ.ም. (2023) በሱዳን ጦርነት ሲነሣ፥ ብዙ ሺህ ሱዳናውያንና በዚያ ይኖሩ የነበሩ ወገኖቻችን በመተማ በኩል ተሻገሩ። በ1889 ሁለት ሠራዊት የተጨራረሱበት በር የስደተኛ መግቢያ ሆነ። የተሻገረችውን እናት የተቀበለ፥ ውኃ ያቀበለ፥ ከጎኑ ያስተኛ ሰው ሁሉ ለዚያ መልስ ላጣው የሰላም ደብዳቤ ከ130 ዓመት በኋላ መልስ ጻፈ። ስደተኛውን የዘረፈና የመታ ደግሞ የድሮውን ስድብ ደገመ።

፮. ለትምህርተ ክርስቶስ መምህራን

እናንተ የትምህርተ ክርስቶስ መምህራን የታሪክ ሊቃውንት አይደላችሁም፤ ነገር ግን በየሳምንቱ ልጆችን ፊት ለፊት የምታገኙ እናንተ ናችሁ። ልጅ ከመጽሐፍ በፊት በምድጃ ዙሪያ ታሪክ ይሰማል። አጎቱ እንዴት እንደ ሞተ፥ ቤታቸው በማን እንደ ተቃጠለ፥ ማን ጠላት እንደ ሆነ ይሰማል። ያን የሰማውን ይዞ ወደ እናንተ ይመጣል። ነጋድራስ ገብረ ሕይወት ለጸሐፊ ያስፈልጋሉ ያሏቸው ሦስቱ ስጦታዎች ለእናንተም ያስፈልጓችኋል።

አንደኛ፥ አስተውሉ። ልጁ ያመጣውን ሐዘን ውሸት ነው ብላችሁ አትመልሱት፤ አድምጡት፥ ለሞተበትም አብራችሁ ጸልዩ። ከዚያ በኋላ በዚያው ቀን ሌላ ማን እንደ ሞተ፥ ሌላ ማን እንዳለቀሰ እንዲጠይቅ አስተምሩት። ሁለተኛ፥ አታዳሉ። የጎንደርን ቃጠሎ ስታነሡ የመተማንም አንሡ። በጸሎተ ፍትሐት ስም ስትጠሩ የእኛ ያልሆነውንም ሟች በልባችሁ ጨምሩ። ሦስተኛ፥ ቋንቋችሁ የጠራ ይሁን። አንድን ሕዝብ በሙሉ በጥቂቶች በደል የሚጠራ ቃል፥ ሰውን ከአውሬና ከአረም ጋር የሚያስተካክል ስድብ፥ በትምህርት ክፍላችሁ አይሰማ። በማቴዎስ ወንጌል ምዕራፍ 5 ጌታችን ግድያን ሲከለክል ከስድብ ጀምሮ የከለከለው ያለ ምክንያት አይደለምና፤ ከሰይፍ በፊት የሚመዘዘው ምላስ ነው።

ይህን ማድረግ ዋጋ ያስከፍላል። በወገኑ መካከል ቆሞ ስለ ሌላው ሟች የሚጠይቅ ሰው ከሐዲ ይባላል። ነቢያትም እንዲሁ ተብለዋል። ነገር ግን አንድ ልጅ እንኳ በእናንተ ትምህርት የአባቱን ቂም ትቶ የአባቱን ሞት ምክንያት መመርመር ቢጀምር፥ በዚህ ቆላ ለሚመጣው ትውልድ ከጠብመንጃ ይልቅ የሚጠብቅ አጥር አቆማችሁ።

ወደ ዕብራውያን በተጻፈው መልእክት ምዕራፍ 12 የክርስቶስ ደም ከአቤል ደም የሚበልጥ ነገር እንደሚናገር ተጽፏል። የአቤል ደም ፍትሕ ጠየቀ፤ የክርስቶስ ደም ፍትሕን ሳይሽር ምሕረትን ጨመረ። በየእሑዱ በመሠዊያው ዙሪያ የምንሰበሰበው በዚህ ደም ነው። እንግዲህ ከጽዋው የምንጠጣ ሁላችን የወንድማችን ጠባቂዎች መሆናችንን አንካድ።

በመተማ ሜዳ የወደቁትን ሁሉ፥ የደጋውንም የሱዳኑንም ልጅ፥ በማይካድራም በግፍ የሞቱትን ሁሉ ጌታ በመንግሥቱ ያስባቸው። ለእኛም የሚያስተውል ልቡና፥ የማያዳላ ፍርድና የጠራ አንደበት ይስጠን። አሜን።